«እናቱስ?» የሚሉት ደብተራ

ገብሬ አናጢው ከየካ ሲመጣ ጣሪያ ላይ ነበርኩ። ክረምቱ ሳይገባ የቤቴን ክዳን ልጠግን ሣር እደረድራለሁ። ከታች ቆሞ፣ ኩታውን አዘቅዝቆ ሽቅብ ሲያየኝ መርዶ መሆኑ ገባኝ።

«ማን ነው?» አልኩት።

«ደብተራ ናቸው። ጎህ ሲቀድ ዐረፉ። ጫልቱ ‹ብራና ፋቂው ሳይደርስ አፈር አይነካቸውም› ብላ ላከችኝ።»

ከመሰላሉ ወረድኩ። እጄን እንኳ ሳልታጠብ ኩታዬን አንሥቼ ተከተልኩት። ያኔ ንጉሡ ከእንጦጦ ወደ ፍል ውሃው ሜዳ ከወረዱ ጥቂት ዓመታት አልፈዋል። እኔም እንደ አብዛኛው ሰፋሪ ተከትዬ ወርጄ ከፍል ውሃው በላይ ጎጆ ቀልሻለሁ። ደብተራ እንግዳ ግን ከእኛ ጋር አልወረዱም። እሳቸው የሄዱት ወደ የካ፣ ወደ ጫልቱ አባት መንደር ነው። ገብሬ የጫልቱ ባል ነው። ሁለቱ ባልና ሚስት የሆኑት በእኚሁ ሰው ምክንያት ስለሆነ፣ መንገዱን ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ነበር የሚሄደው። እኔም የማስበው ብዙ ነበረኝ።

ደብተራ እንግዳን ያወቅኋቸው እንጦጦ ገና የድንኳን ከተማ በነበረበት ጊዜ ነው። አሁን ጉቶ ብቻ የሚታይበት ተረተር ያኔ በጽድ የተሸፈነ ነበር። ጉሙ ጠዋት ከዛፎቹ ሥር ይነሣና እስከ እኩለ ቀን አይገልጥም። ንጉሡ ሲሰፍሩ እያንዳንዱ አለቃ ጭፍራውን ይዞ በየጥጉ ሰፈረ። የመንዝ ሰው በአንድ ወገን፣ የተጉለት ሰው በሌላ ወገን፣ እኛ የቡልጋዎቹ ደግሞ ነፋስ በሚበረታበት በኩል። ሁሉም ዛፍ ይቆርጣል፣ ሁሉም ጎጆ ይቀልሳል፤ ማንም ግን ማንን አያውቅም። የእኔ ሥራ ብራና መፋቅ ነው። የፍየል ቆዳ እነክራለሁ፣ በእንጨት እወጥራለሁ፣ ጠጉሩንና ሥጋውን በስለት ፍቄ ነጭ ሲሆን ለጸሐፊዎች አስረክባለሁ። ፊደል ግን አላውቅም። ብራና ፋቂ ሁሉ የሚያነብ የሚመስለው ሰው ብዙ ነው።

አንድ ቀን ቀጠን ያሉ፣ ጥምጥማቸው ከራሳቸው የሚከብድ የሚመስል ሰው ከደጄ ቆሙ።

«ብራና ትፍቃለህ አሉኝ።»

«እፍቃለሁ። ለዳዊት ነው ለድርሳን?»

«ለሰው ነው።»

ክታብ የሚጽፉ መስሎኝ፣ «ለክታብ ከሆነ ቀጭን ቁራጭ አለኝ» አልኳቸው። ሳቁ። ሲስቁ ትከሻቸው ብቻ ነው የሚንቀሳቀሰው፤ ድምፅ የለውም።

«ክታብ አይደለም። በዚህ ጋራ ላይ የሰፈረውን ሰው ዘር ልጽፍ ነው። ማን ከየት መጣ፣ አባቱ ማን ነው፣ አያቱ ማን ነው፣ እስከ ሰባት ቤት። እየተሰፋ የሚቀጥል፣ የሚጠቀለል ብራና ነው የምፈልገው።»

«ማን አዞዎት ነው?»

«ማንም። ሰው አገሩን ለቅቆ ሌላ አገር ሲሰፍር መጀመሪያ የሚጠፋበት ምን ይመስልሃል?»

«ከብቱ» አልኩ።

«የአያቱ ስም» አሉኝ። «ከብቱንስ ይፈልገዋል።»

ነገሩ እብደት መሰለኝ። በኋላ ሳስበው ግን እውነት ነበራቸው። በአገር ቤት ወጣት ሚስት ሲታጭለት ሽማግሌዎች ተቀምጠው ሰባት ቤት ይቆጥራሉ፤ ዘመድ ከዘመድ እንዳይጋባ። ርስት ሲከራከሩም ከአቅኚው አባት ጀምሮ የሚቆጥር አዋቂ አይታጣም። እንጦጦ ላይ ያ ሁሉ ሽማግሌ የለም፤ በየመንደሩ ቀርቷል። የጭፍራው ልጆች ግን እየጎለመሱ፣ እርስ በርስ እየተያዩ ነበር።

ከእኔ ጀመሩ። ከውጥሩ ቆዳ አጠገብ ድንጋይ ላይ ተቀመጡና፣ «ስምህ?» አሉ።

«ሀብቴ።»

አባቴን ነገርኳቸው፣ አያቴን፣ ቅድመ አያቴን። በእያንዳንዱ ስም ጣልቃ እየገቡ «እናቱስ?» ይላሉ። የአያቴን እናት ማን ያውቃል? የራሴን እናት እንኳ የማውቃት በስም ብቻ ነው፤ ደስታ ትባል ነበር፣ ጡት ሳልጥል ሞተችብኝ፤ ያደግኩት በአባቴ ቤት ነው።

«የደስታ እናትስ?»

«አላውቅም።»

የግራ እጃቸውን ትንሽ ጣት በቀኝ እጃቸው ያዙ። ሲቆጥሩ የጣታቸውን አንጓ ነው የሚቆጥሩት፤ ያልታወቀ ሰው ሲመጣ ትንሿን ጣት ጭብጥ አድርገው ይይዟታል፣ እንዳታመልጥ ይመስል። «እንግዲህ ትቆየን» አሉና በብራናው ላይ የአንድ ስም ቦታ ባዶ ተዉ።

ብዙም ሳይቆይ ሰፈሩ ሁሉ «ደብተራ እናቱስ» ይላቸው ጀመር። ልጆች ከኋላቸው እየሮጡ «እናቱስ! እናቱስ!» ይላሉ። እሳቸው ዘወር ብለው፣ «አዎ፣ ያንተስ እናት ማን ትባላለች?» ሲሉ ልጁ ይነግራቸዋል፤ ይጽፉታል። እንዲህ ነው ሰፈሩን የያዙት። አንድ ቀን ለምን እናቶቹን እንደሚያበዙ ብጠይቃቸው፣ «አባቱንማ ሳትጠይቀው ይነግርሃል። እናቱ ግን ካልጠየቅሃት ትጠፋለች» አሉኝ።

ሚስትም ልጅም አልነበራቸውም። ነበሯቸው ይባላል፤ ከሰሜን ሲመጡ መንገድ ላይ በሽታ ፈጀባቸው። ስለዚያ አይናገሩም፤ እኔም አልጠየቅኳቸውም። ከድግስ ቤት ሲጠሩ ከምግቡ ይልቅ ወሬውን ነበር የሚበሉት። እንጀራው ፊታቸው እየደረቀ፣ አንዲት አሮጊት ስለ ጎረቤቷ አክስት ስትነግራቸው አንገታቸውን አስግገው ይሰማሉ።

አንድ ዓመት ያህል አልፎ፣ አንድ ጠዋት ትንፋሽ አጥሯቸው መጡ።

«ሀብቴ፣ ተነሥ፣ ተቀመጥ!»

«ተነሥ ነው ተቀመጥ?»

«ተቀመጥ። የደስታ እናት ወለተ ማርያም ትባል ነበር።»

ከገበያ ላይ አንዲት የቡልጋ ጨው ሻጭ አግኝተው ቀኑን ሙሉ ሲጠይቋት ውለዋል። አያቴ አንድ እግሯን ታነክስ ነበር አሉ። ሰርግ ሲኖር ግን ያለ እሷ ዘፈን አይነሣም ነበር። በቅሎ ልከው ያስመጧት ነበር። ስለቱን አስቀመጥኩ። ጎልማሳ ሰው ነኝ፣ ልጆች ወልጃለሁ፤ በማላውቃት በአንዲት አንካሳ ሴት ተንሰቅስቄ አለቀስኩ። ደብተራ አላጽናኑኝም። አጠገቤ ተቀምጠው በዚያ በተዉት ባዶ ቦታ ላይ ስሟን ቀስ ብለው ጻፉ።

እውነት ሁሉ ግን እንዲህ ጣፋጭ አልነበረም። በእኛ በኩል ሻለቃ አበጋዝ የሚባሉ የጭፍራ አለቃ ነበሩ። ለጋስ ሰው ናቸው፤ ድግሳቸው ሰፊ ነው። ዘራቸው ከነገሥታት እንደሚመዘዝ በየድግሱ ያስወሩ ነበር። ደብተራን አስጠርተው «የእኔን አሳምረህ ጻፍ» አሏቸው። ደብተራ ሁለት ወር ጠየቁ፣ አጣሩ። ከዚያ አንድ ቀን እኔ የተፋቀ ቆዳ ላደርስ እዚያው ግቢ ቆሜ ሳለ፣ ሻለቃውን ከሰው ነጥለው ወደ አጥሩ ጥግ ወሰዷቸው። ከእኔ በቀር የሰማ የለም።

«ጌታዬ፣ አያትዎ ሸማኔ ነበሩ።»

የሻለቃው ፊት ጠቆረ። በዚያን ጊዜ ሸማኔ ማለት ስድብ ነበር።

«ጽፈኸዋል?»

«ጽፌያለሁ። መልካም ሰው ነበሩ። የእጃቸውን ጋቢ ለብሼያለሁ የሚል ሰው አግኝቻለሁ፤ ብርድ አላስነካኝም ብሎኛል።»

«ፋቀው!»

ደብተራ ወደ እኔ ዞር አሉ። «ፋቂው ይኸው ነው። እሱም ቆዳ እንጂ አያት አይፍቅም።» ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «በማንም ፊት አላነበውም፣ ጌታዬ። የእርስዎ ነው፤ ለልጅ ልጅዎ የተቀመጠ ነው» አሉ። ሻለቃው ጀርባቸውን ሰጥተው ገቡ። ከዚያ ቀን ወዲያ ደብተራን ወደ ድግሳቸው አልጠሯቸውም።

እንግዲህ የጫልቱ ነገር የመጣው ከዚህ በኋላ ነው።

በሻለቃው ቤት ጥሩነሽ የሚሏት ልጅ ነበረች። ሕፃን ሳለች ከሩቅ አገር፣ ከዘመቻ ተይዛ የመጣች ናት። እዚያው ቤት ክርስትና ተነሥታ፣ ውሃ እየቀዳች፣ እንጨት እየለቀመች አደገች። ገብሬ የእንጦጦ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ሲሠራ እንጨት ይጠርብ ነበርና ወደ ምንጩ ስትወርድ ስትወጣ አያት። ወደዳት፤ ወደደችው። ሽማግሌ ቢልክ ሻለቃው፣ «ወገን የላትም። ወገኗ እኔ ነኝ፤ አልሰጥም» አሉ። በዚያው ሰሞን ሻለቃው ወደ ደቡብ ሩቅ አገር ተሹመው ቤተሰባቸውን ጠቅልለው ሊሄዱ ነበር። ከሄደች አለቀ፤ ገብሬ ዳግም አያያትም።

ገብሬ ዳኛ ፊት ጮኸ። ዳኛው ሽማግሌ ሰው ነበሩ፤ ከጽድ ሥር ተቀምጠው ነው የሚፈርዱት። «ወገን ካላት ወገኗ ይቅረብና ይጠይቃት። ስምንት ቀን ሰጥቻለሁ። ካልተገኘ ከጌታዋ ጋር ትሄዳለች» ብለው ቀጠሩ።

ገብሬ በቀጥታ ወደ ደብተራ መጣ። እኛም ሦስታችን ወደ ምንጩ ወረድን። ልጅቱ እንስራዋን አስቀምጣ መሬት መሬቱን እያየች ቆመች።

«ስምሽ ማን ነው?» አሏት።

«ጥሩነሽ ይሉኛል።»

«ይሉኛል ነው ያልሽው። አንቺስ ራስሽን ማን ትያለሽ?»

ዙሪያዋን አየች። ከዚያ እንደ ምስጢር፣ «ጫልቱ» አለች። «ጫልቱ ገመዳ ዋቆ።» ሦስቱን ስም አንድ ላይ፣ በአንድ ትንፋሽ ነው ያለችው፤ በልጅነት በቃል እንዳስያዟት ያስታውቃል።

«እናትሽስ?»

«አዮ ነበር የምላት። ሌላ ስም እንዳላት አላወቅኩም።»

ደብተራ ትንሿን ጣታቸውን ያዙ። እስክንመለስ አልለቀቋትም።

በማግስቱ የካ ወረድን። እዚያ ኦቦ ጉተማ የሚባሉ ሽማግሌ ነበሩ። አባቶቻቸው ከብት የሚያሰማሩት እኛ በሰፈርንበት በእንጦጦ ተረተር ላይ ነበር። ሠራዊቱ ሲመጣ ወደ የካ ዝቅ ብለዋል። ደብተራ ከሁሉ አስቀድመው፣ ከጥቅሉ ራስ ላይ የጻፉት የእኚህን ሰው ቤት ነው። ከሰፈራችን አንዳንዶች ቢያጉረመርሙ፣ «ቀድሞ የነበረ ቀድሞ ይጻፋል» ብለው ዘግተዋቸው ነበር። ኦቦ ጉተማ አሥራ አንድ አባት ያለ ብራና፣ ያለ ጣት ይቆጥራሉ። ደብተራ በዚያ ይቀኑ ነበር። «እኔ የአገሩን ፍየል ሁሉ ቆዳ ጨርሼ ያልደረስኩበትን እሱ በምላሱ ይዞታል» ይላሉ።

ነገሩን ነገርናቸው። ኦቦ ጉተማ ዓይናቸውን ጨፍነው አባቶቻቸውን ቆጠሩ፤ የወንድሞቻቸውን፣ የአጎቶቻቸውን ቤት ቆጠሩ። ገመዳ የሚባል አለ፣ የዋቆ ልጅ ግን አይደለም። ዋቆም አለ፣ ገመዳን አልወለደም። ልጅቱ የምታስታውሰው ትልቅ ወንዝና በወንዙ ዳር የቆመ ዋርካ፣ ብዙ ቀን በበቅሎ መጓዟንም ነው።

«የእኛ አገር ልጅ አይደለችም» አሉ በመጨረሻ። «ደሟ ሩቅ ነው።»

ስንመለስ ዳገቱ አልገፋ አለ። ስድስት ቀን ቀርቶናል። እኔ በመጨረሻ መታገሥ አቃተኝ።

«ደብተራ፣ የኦቦ ጉተማ ዘመድ ገመዳ አለ አይደል? ዋቆ የሚል አንድ ስም ቢጨመርበትስ? ማን ያውቃል?»

ቆሙ። ተቆጥተው አይቻቸው አላውቅም ነበር።

«እኔ አውቃለሁ። አንድ የሐሰት አያት ከገባ ሰባት ትውልድ ይከተለዋል። ልጆቿ ዘመዳቸው ያልሆነውን ዘመድ ብለው ሲሸሹ፣ ዘመዳቸውን ሳያውቁ ሲያገቡ ይኖራሉ። ለዚህ ነው ቆዳ የምትፍቅልኝ?»

«ልጅቱ ግን ልትሄድ ነው!»

«አውቃለሁ» አሉ። ከዚያ መንገዱ ዳር ተቀመጡ። ጥምጥማቸውን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አደረጉ፤ ፀጉራቸው ሽበት ብቻ ነበር። «አውቃለሁ፣ ሀብቴ። እኔም መላ አጥቼ ነው።»

ሦስት ቀን ከቤት አልወጡም። በአራተኛው ቀን ኦቦ ጉተማ ከሚስታቸው ከአደ ሌንሴ ጋር በጉሙ ውስጥ ዳገቱን ወጥተው መጡ። እኔ ቤት ተቀመጡና ደብተራን አስጠሩ።

«ስድስት ወንዶች አሉኝ» አሉ ኦቦ ጉተማ። «ሴት ልጅ አልሰጠንም። ይህቺ ሴትዮ እናንተ ከሄዳችሁ ጀምራ አላስተኛ አለችኝ።»

አደ ሌንሴ አላስጨረሷቸውም። «ልጅቱ እናቷን ‹አዮ› ብቻ ነው የምላት አለች አላችሁ። እኔን እንዲህ የምትጠራኝ ሴት ልጅ የለችም። እኔን ‹አዮ› ትበለኝ።»

ደብተራ ግራ ገባቸው። «እኔ የምቆጥረው ደም ነው፣ ኦቦ ጉተማ። ደሟ ከእናንተ አይደለም ብለዋል።»

«ብያለሁ። በእኛ ዘንድ ጉዲፈቻ የሚባል አለ። በወግ፣ በምስክር ፊት የተቀበልነውን ልጅ ከወለድነው አንለይም። ርስት ይካፈላል፣ በአባቱ ስም ይጠራል። ለይቶ የተናገረውን ሰው እናሳፍረዋለን። እርስዎ ይህን አያውቁም እንዴ?»

«አላውቅም ነበር። ግን እንዴት ብዬ ልጻፈው? ጉተማ ወለዳት ብል ሐሰት ነው።»

ኦቦ ጉተማ ሳቁ። «ማን ወለዳት በል አለዎት? እንደ ሆነው ይጻፉት!»

የደብተራ ፊት እንዴት እንደ ሆነ ለመናገር ቃል የለኝም። ዕድሜ ልኩን በር ሲፈልግ ኖሮ፣ በሩ ከኋላው እንደ ነበር የተነገረው ሰው መሰሉ። ቀለማቸውን አስመጡ። በዚያው እኔ ቤት፣ እያንዳንዱን ቃል ጮክ ብለው እያነበቡ ጻፉ። ጫልቱ፣ የገመዳ ልጅ፣ የዋቆ የልጅ ልጅ፤ አገሯ ሩቅ። እናቷ ስሟ ያልታወቀ። የየካው ጉተማና ሚስቱ ሌንሴ በጉዲፈቻ ተቀብለው ልጃቸው አደረጓት። አንድም የሐሰት ቃል አልነበረበትም። በማግስቱ እነ ኦቦ ጉተማ ሽማግሌዎቻቸውን አስመጥተው፣ ጫልቱንም ከምንጩ ጠርተው ወጉን ፈጸሙ። አደ ሌንሴ የልጅቱን ራስ ደረታቸው ላይ አድርገው ሲመርቁ፣ «አዮ» የሚለው ቃል ከአፏ ሲወጣ ሰማሁ።

በቀጠሮው ቀን ከጽዱ ሥር ብዙ ሰው ነበር። ኦቦ ጉተማ ቆመው «ልጄን ስጡኝ» አሉ። ደብተራ ጥቅሉን ዘርግተው አነበቡ። ሻለቃው የዝንብ ጭራቸውን እየወዘወዙ ሳቁ።

«ንጉሥ ይሙት! ይህ ሰው ደስ ያለውን ዘር እየፈጠረ የሚጽፍ ነው። በእሱ ብራና ይፈረዳል?»

ዳኛው ወደ ደብተራ ዞሩ። «ሐሰት ጽፈው ያውቃሉ?»

ደብተራ ጥቅሉን መልሰው ጠቀለሉ። «ለራሴ አልመሰክርም። ሻለቃን ይጠይቁልኝ። የእሳቸውንም ዘር ጽፌያለሁ። በዚያ ሐሰት አለበት ካሉ ይመስክሩብኝ።»

ጭራው ቆመ። በዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል ነገሩ የገባን ሦስት ሰዎች ብቻ ነን፤ ሻለቃው፣ ደብተራና እኔ። አለበት ቢሉ ጥቅሉ ይነበባል። ሻለቃው ጥቅሉን፣ ከዚያም መሬቱን አዩ። ቀና ሲሉ ድምፃቸው ሌላ ነበር።

«ሐሰት የለበትም» አሉ።

ዳኛው፣ «ወገን ተገኘ። ልጅቱ ወደ አባቷ ቤት ትሂድ። የሚፈልጋት አባቷን ይጠይቅ» ብለው ፈረዱ። ገብሬ እዚያው ኦቦ ጉተማ እግር ላይ ሊወድቅ ሲል ሽማግሌው በዱላቸው አገዱት። «ሽማግሌ ላክ!» አሉት። ሦስት ጊዜ አመላልሰውታል፤ በሦስተኛው ነው የሰጡት። ሴት ልጅ መዳር ከድሮም የሚመኙ ሰው ስለነበሩ፣ አንዱንም ወግ ሊያስቀሩ አልፈለጉም።

ሁሉም ሲደሰት ደብተራ ግን አዝነው ሰነበቱ። «አስፈራራሁት» ይሉኛል። «አላነበውም ብዬ ቃል ገብቼ ነበር። አላነበብኩም፤ ግን በእጄ እንዳለ አሳየሁት።» ባያደርጉት ልጅቱ ትሄድ ነበር ብላቸው፣ «ይሆናል። ሻለቃው ግን ሊዋሽ ይችል ነበር፣ አልዋሸም። ይህን አትርሳለት» አሉኝ። እስከ ዛሬ አልረሳሁላቸውም።

ደብተራ ቀለባቸውን የሚያገኙት በሻለቃው ጎተራ በኩል ነበርና ከዚያ በኋላ ተቋረጠ። ሻለቃው ያዘዙት ይሁን፣ ሎሌዎቻቸው ለመወደድ ያደረጉት፣ አላውቅም። ጥቂት ዓመት እኔ ያለኝን አካፈልኳቸው። ንጉሡ ወደ ፍል ውሃው ሲወርዱ ለደብተራ እዚያ የሚሰጥ ቦታ አልነበረም፤ ኦቦ ጉተማ ከአጥራቸው አጠገብ ጎጆ አሠሩላቸው። ገብሬ ነው የሠራው። ዓይናቸው እየደከመም በኦሮሞኛ አባቶችን መቁጠር ይማሩ ነበር። የመንደሩ ልጆች ከበው አንድ ስም ሲሳሳቱ በአንድ ድምፅ ይጮኹባቸዋል፤ እሳቸውም ከመጀመሪያው ይጀምራሉ። ለመጨረሻ ጊዜ ያየኋቸው እንዲሁ ሆነው ነው፤ ትከሻቸው በሳቅ እየተንቀሳቀሰ።

ከገብሬ ጋር የካ ስንደርስ ቃሬዛው ተነሥቷል። እንጦጦ ላይ ነበር መቀበር የሚፈልጉት። ስድስቱ የኦቦ ጉተማ ልጆች ተሸክመው ዳገቱን ያዙ። ዳገቱ ቀጥ ያለ ነው፤ በየጥቂቱ ትከሻ ይለዋወጣሉ። እኔም በተራዬ ገባሁ። ቀላል ነበሩ፤ ጥምጥማቸው ነበር ትልቅ የሚያስመስላቸው። በየመታጠፊያው ሰው ይጨመርብናል። መርዶው ከእኛ ቀድሞ ሄዷል። አንዱ የመንዝ ሰው ነው፣ አንዱ የተጉለት፤ ሌላው ከፍል ውሃው የወጣ። እርስ በርስ አይተዋወቁም። ግን መንገዱ ላይ አንዱ ለሌላው፣ «እኔን ከአጎቴ ልጅ ጋር ያገናኙኝ እሳቸው ናቸው» ይላል፤ ሌላው፣ «ሰርጌን ያስቀሩብኝ እሳቸው ናቸው፣ ዘመዴ ነበረች» ይላል። በልቅሶ መካከል ሳቅ ይሰማል።

ከቤተ ክርስቲያኑ ደጅ አንድ ካህን ጠበቁን። ከሩቅ አገር በቅርቡ የመጡ፣ ሰውን የማያውቁ ናቸው።

«የሟቹ ወገኖች የት አሉ?» አሉ።

የደም ዘመድ እንደሌላቸው ሁላችንም እናውቃለን፤ ማን «እኔ ነኝ» ይበል? ኦቦ ጉተማ በዱላቸው ተደግፈው፣ በሁለት የልጅ ልጆቻቸው ተይዘው ከኋላ እየመጡ ነበር። ዕድሜያቸው ገፍቷል። ከቃሬዛው አጠገብ ሲደርሱ ቀና አሉ።

«እዚህ ነን» አሉ።

ጫልቱ ልጇን እንዳዘለች፣ «እዚህ ነን» አለች። ከዚያ ከኋላ፣ ከጎን፣ ከአጥሩ ሥር ሰው ሁሉ «እዚህ ነን፣ እዚህ ነን» አለ። እኔም አልኩ። ካህኑ ዙሪያቸውን አዩና በሩን ከፈቱ።

ከቀብር ስንመለስ ጫልቱ መንገድ ላይ ጠበቀችኝ። ጥቅሉን በነጭ ጨርቅ ጠቅልላ በብብቷ ይዛለች። ትልቁን ልጇን ፊደል ለማስቆጠር ካህን ቤት ልትሰጠው ወስናለች፤ የሚያነበው ሰው እንዳይጠፋ።

«ጋሼ ሀብቴ» አለችኝ፣ «ጫፉ ሞልቷል። የእኔ ሕፃን ገና አልገባም፤ ደብተራ ቦታ አልቆባቸው ነው ያረፉት።»

በማግስቱ ጣሪያውን እንደ ተገለጠ ትቼ፣ ሁለት የፍየል ቆዳ ውሃ ውስጥ ነከርኩ።